ትምህርቱን የማይጨርስ የጋራዥ መሣሪያ

ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ባለው ጊዜ በይርጋጨፌ የጭነት መኪና ማለት ሰዓት ማለት ነው። ቀይ እሸት ቡና ከዛፉ ከተለቀመ በኋላ በዚያው ዕለት ወደ መፈልፈያው ካልደረሰ፣ በጆንያው ውስጥ ታፍኖ መሞቅና መብላላት ይጀምራል። ሌሊቱን እዚያው ካደረ ጣዕሙ ይበላሻል፤ ደረጃው ይወርዳል፤ ገበሬው ዓመቱን ሙሉ የደከመበት ዋጋ በአንድ ሌሊት ይቀንሳል። ስለዚህ በኮቸሬ ወይም በገደብ መንገድ ላይ እሸት የጫነ አንድ አይሱዙ ቆሞ ሲቀር፣ የቆመው መኪናው ብቻ አይደለም።

ቀድሞ እንዲህ ያለ ችግር ሲደርስ የመካኒኩ ሥራ የታወቀ ነበር። የናፍታውን መስመር ፈትቶ አየር ያስወጣል፤ ፊልትሮውን አውልቆ ያራግፋል፤ ፖምፓውን ይፈትሻል፤ ሞተሩንም በጆሮው ያዳምጣል። እንዲህ የሚጠገኑ አሮጌ መኪናዎች ዛሬም በመንገዱ ላይ አሉ። አዳዲሶቹ ግን ናፍታውን የሚረጩት በኮምፒዩተር ትእዛዝ ስለ ሆነ፣ መካኒኩ ከመፍቻው በፊት አንድ ሌላ ዕቃ ከሣጥኑ ያወጣል። ይኸውም መስታወት ያለው፣ መጠኑ ከደብተር የማይበልጥ መመርመሪያ ነው። ገመዱን ከመሪው በታች ይሰካና መስታወቱን ይመለከታል።

ታዲያ አንዳንድ ጊዜ በጋራዡ ደጃፍ የሚሰማው ንግግር ይህን ይመስላል፦

«ወንድም፣ ምን አለ መሣሪያው?»

«አላውቀውም ነው የሚለው፣ ጋሼ።»

«እንዴት አያውቀውም? አምና አይደለም እንዴ የገዛኸው?»

«የተገዛውስ አምና ነው፤ ዕውቀቱ ግን የካቻምና ነው።»

ይህ የመጨረሻው መልስ ቀልድ አይደለም። የመመርመሪያው መሣሪያ ብረቱ ሳያረጅ ዕውቀቱ የሚያረጅ ዕቃ ነው። እንደ መዶሻና እንደ መፍቻ አንድ ጊዜ ተገዝቶ ለዘለዓለም የሚያገለግል ሳይሆን፣ እንደ ተማሪ በየጊዜው አዲስ ትምህርት ሊሰጠው የሚገባ ነው። ይህን ነገር መካኒኮች ብቻ ሳይሆኑ መኪና የሚጠቀም ሁሉ ሊያውቀው ስለሚገባ፣ አመጣጡንና አሠራሩን ባጭሩ እንመለከታለን።

መኪና አፍ ያወጣበት ዘመን

የመኪና ሞተር በኮምፒዩተር መመራት የጀመረበት ትልቁ ምክንያት ጭስ ነው። በአሜሪካ የካሊፎርኒያ ግዛት፣ በተለይም የሎስ አንጀለስ ከተማ፣ ከመኪና በሚወጣ ጭስ ሰማይዋ እየጠቆረ ስለ ተቸገረች፣ መንግሥት በየጊዜው እየጠበቀ የሚሄድ ሕግ አወጣ። ካርቡራቶር ያንን ሕግ ሊያሟላ አልቻለም። ስለዚህ ቤንዚኑን መጥኖ የሚሰጥ የኤሌክትሮኒክ መቈጣጠሪያ አስፈለገ።

እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ ዓመታት ብዙ መኪናዎች ሕመማቸውን በመብራት ብልጭታ መናገር ጀመሩ። መካኒኩ ሁለት ቀዳዳዎችን በገመድ አገናኝቶ፣ በዳሽቦርዱ ላይ ያለችው መብራት ስንት ጊዜ ብልጭ እንዳለች ይቈጥርና ቊጥሩን ከመጽሐፍ ጋር ያመሳክር ነበር። ይሁን እንጂ እያንዳንዱ ፋብሪካ የራሱ መሰኪያና የራሱ ቋንቋ ስለ ነበረው፣ ነገሩ የባቢሎን ግንብ ሆነ። የአንዱን መኪና የሚያነብ መሣሪያ የሌላውን አያነብም ነበር።

ይህን ለማስቀረት ከ1996 ሞዴል ጀምሮ በአሜሪካ የሚሸጥ ማናቸውም የቤት መኪናና ቀላል የጭነት መኪና አንድ ዓይነት መሰኪያ እንዲኖረው ተደነገገ። ኦ.ቢ.ዲ. ሁለት የሚባለው ሥርዓት ይህ ነው። መሰኪያው ዐሥራ ስድስት ቀዳዳዎች ያሉት ሲሆን የሚገኘውም ከመሪው በታች ነው። ኤውሮጳም ለቤንዚን መኪናዎች ከ2001 ጀምሮ ተመሳሳዩን ሥርዓት ተከተለች፤ ለናፍታዎቹም ጥቂት ዓመታት ቈይታ ቀጠለች። ኮምፒዩተሮቹ የሚነጋገሩበት ካን የተባለው መስመር ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1986 የጀርመኑ ቦሽ ኩባንያ ያስተዋወቀው ሲሆን፣ ከ2008 ሞዴል ወዲህ በአሜሪካ ለዚሁ ምርመራ ግዴታ ሆኗል።

በዚህ ሥርዓት መሠረት የመኪናው ሕመም በአንድ ፊደልና በአራት አኀዝ ይጻፋል። ፊደሉ ፒ ከሆነ ነገሩ የሞተር ወይም የካምቢዮ ነው፤ ሲ ከሆነ የፍሬንና የመሳሰለው ነው፤ ቢ ከሆነ እንደ ኤር ባግ ያለ የአካል ክፍል ነው፤ ዩ ከሆነ ደግሞ ኮምፒዩተሮቹ እርስ በርሳቸው የሚነጋገሩበት መስመር ተበላሽቷል ማለት ነው። ከፒ ቀጥሎ ያለው የመጀመሪያው አኀዝ 0 ሲሆን ትርጓሜው ለሁሉም መኪና አንድ ነው። 1 ሲሆን ግን ትርጓሜው የፋብሪካው የግል ነው። አንድ ፋብሪካ ያንኑ ቊጥር ለአንድ ነገር ሲጠቀምበት ሌላው ለሌላ ነገር ሊጠቀምበት ይችላል።

እንግዲህ የጉዳዩ ቊልፍ እዚህ ላይ ነው። ለሁሉም የጋራ የሆነው ክፍል ቶሎ አያረጅም። በትንሽ ገንዘብ የሚገዛ መሣሪያም ያነብበዋል። የግል የሆነው ክፍል ግን በየዓመቱ አዲስ ሞዴል በወጣ ቊጥር ይጨምራል፤ ይለወጣልም። ጋራዡ ገንዘብ አውጥቶ ትልቅ መሣሪያ የሚገዛው ለዚህ ለሁለተኛው ክፍል ነው፤ የሚያረጀውም ይኸው ክፍል ነው።

ማደስ ማለት ምን ማለት ነው?

በጋራዥ ቋንቋ አፕዴት ማድረግ የሚባለውን እኛ ማደስ እንበለው። መሣሪያው በኢንተርኔት በኩል ከሠሪው ፋብሪካ ጋር ተገናኝቶ አዲስ ሶፍትዌር ይቀበላል። በዚህም አራት ነገሮች ይመጡለታል።

አንደኛ፣ ከዚያ በፊት የማያውቃቸው የመኪና ሞዴሎች ስምና አሠራር ይጨመሩለታል። ሁለተኛ፣ የፋብሪካዎቹ የግል ኮዶች ትርጓሜ ይገባለታል። ሦስተኛ፣ ከማንበብ አልፎ ማዘዝ የሚችልበት ሥልጣን ይሰጠዋል። ለምሳሌ በብዙ አዳዲስ የናፍታ ሞተሮች አዲስ ኢንጀክተር ሲገጠም፣ በላዩ የተጻፈው ቊጥር ለሞተሩ ኮምፒዩተር ካልተነገረው ሞተሩ በትክክል አይሠራም። ብረቱን መግጠም ማንም ይችላል፤ ቊጥሩን ማስገባት ግን የሚቻለው ያንን ሞተር በሚያውቅ መሣሪያ ብቻ ነው። አራተኛ፣ በቀድሞው ሶፍትዌር ውስጥ የነበሩ ስሕተቶች ይታረማሉ። መሣሪያው ራሱ ቀድሞ የተሳሳተ ንባብ ይሰጥ እንደ ነበረ አንዳንድ ጊዜ የሚታወቀው ከታደሰ በኋላ ነው።

ይህንን የመኪናውን የራሱን ኮምፒዩተር ከማደስ ጋር ማምታታት አይገባም። መመርመሪያው ሲታደስ የሐኪሙ መጽሐፍ ተለወጠ ማለት ነው። የመኪናው ኮምፒዩተር ሲታደስ ግን የበሽተኛው አንጐል ተነካ ማለት ነው። የመጀመሪያው መሐል ላይ ቢቋረጥ ብዙውን ጊዜ እንደገና መጀመር ይቻላል። ሁለተኛው ግን መብራት ሲጠፋ ወይም የመኪናው ባትሪ ሲደክም ከተቋረጠ፣ መኪናው ከነአካቴው አልነሣም ሊል ይችላል። ስለዚህ ብልህ መካኒክ ይህን ሥራ የሚጀምረው ባትሪውን ከቻርጀር ጋር ካገናኘ በኋላ ነው።

ከዚህም በቀር ለቤት መኪና የተሠራውን ትንሽ መሣሪያ በጭነት መኪና ላይ መሰካት አደጋ አለው። ብዙዎቹ የጭነት መኪናዎች ኃይላቸው 24 ቮልት ሲሆን የቤት መኪናዎቹ 12 ቮልት ነው። ለ12 ብቻ የተሠራው በ24 ላይ ሲሰካ ሊቃጠል ይችላል። ይህን ደግሞ የቱንም ያህል ቢታደስ ሶፍትዌር አያድነውም።

ኮዱ ምልክት ነው እንጂ ፍርድ አይደለም

መሣሪያው ከታደሰ ሁሉ ነገር ያልቃል ብሎ ማሰብም ሌላ ስሕተት ነው። ለምሳሌ ያህል ፒ0171 የሚለውን ኮድ እንውሰድ። ትርጓሜው ወደ ሞተሩ የሚገባው አየር በዝቶ ቤንዚኑ አነሰ ማለት ነው። ምክንያቱ ግን የተቀደደ የአየር ቱቦ ሊሆን ይችላል፤ የቆሸሸ የአየር መለኪያ ሴንሰር ሊሆን ይችላል፤ የደከመ የቤንዚን ፖምፓ ወይም የተደፈነ ፊልትሮም ሊሆን ይችላል። መሣሪያው ከነዚህ የትኛው እንደ ሆነ አይናገርም። ያልተማረ መካኒክ ኮዱን አይቶ ወዲያው ሴንሰር ያስገዛል፤ መብራቱ በሦስተኛው ቀን ተመልሶ ይበራል፤ ባለ መኪናው ገንዘቡን አጣ ማለት ነው። የተማረው ግን በመጀመሪያ አምስት ብር የማታወጣዋን ቱቦ በእጁ ይዳስሳል።

ቴርሞሜትር የበሽተኛውን ትኩሳት ይናገራል እንጂ ወባ ይሁን ታይፎይድ አይናገርም። መመርመሪያውም እንዲሁ ነው። ስለዚህ የሚታደሰው ነገር ሁለት ነው፤ አንዱ መሣሪያው፣ ሁለተኛው የመካኒኩ አእምሮ። አንዱን ትቶ ሌላውን ብቻ ማደስ በአንድ እግር እንደ መሄድ ነው።

የዋጋው ነገር

ታዲያ ማደስ ይህን ያህል የሚጠቅም ከሆነ ሁሉም ጋራዥ ለምን አያድስም? መልሱ ገንዘብና የገንዘብ ዓይነት ነው።

ቦሽንና የአሜሪካውን ስናፕ ኦንን የመሳሰሉ ዋጋቸው ከፍ ያለ መሣሪያዎች አሉ። ላውንችና አውቴል የተባሉት የቻይና ኩባንያዎች፣ ሁለቱም በሸንዠን ከተማ የተቋቋሙ፣ ዋጋውን ዝቅ አድርገው መመርመሪያውን ትንንሽ ጋራዦች ሊደርሱበት ወደሚችሉ ገበያዎች አስገብተዋል። መሣሪያው ሲገዛ በአብዛኛው የአንድ ወይም የሁለት ዓመት ማደሻ አብሮ ይሰጣል። ጊዜው ሲያልፍ መሣሪያው አይሞትም፤ የሚያውቀውን ያህል ማንበቡን ይቀጥላል። አዲስ ነገር እንዲማር ግን በየዓመቱ ክፍያ ይጠየቃል። ክፍያውም የሚፈጸመው በውጭ አገር ገንዘብ፣ በኢንተርኔትና በባንክ ካርድ ነው።

ይህ ለኒው ዮርክ ጋራዥ ቀላል ነው። ለይርጋጨፌ ጋራዥ ግን ሦስት ዳገት ነው። በውጭ አገር የሚሠራ ካርድ ያለው ሰው ጥቂት ነው። የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገበት ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህም በዶላር የሚከፈለው ሁሉ በብር ሲታሰብ ከእጥፍ በላይ ሆኗል። በጊጋባይት የሚቈጠረውን ሶፍትዌር ለማውረድ ደግሞ የማይቋረጥ ኢንተርኔትና የማይጠፋ መብራት ያስፈልጋል። ስለዚህ አንዱ ውጭ አገር ባለ ዘመዱ ካርድ ያስከፍላል፤ ሌላው እስከሚቀጥለው ዓመት ይቈይ ይላል፤ ሌላው ደግሞ ክራክ የሚባለውን የተሰረቀ ቅጂ ይጭናል።

በተሰረቀው ቅጂ ላይ ለመፍረድ አንቸኩልም፤ ችግር ያመጣው ነውና። ነገር ግን ጉዳቱን ማወቅ ይገባል። እንዲህ ያለው ቅጂ ከፋብሪካው ጋር በሕጋዊ መንገድ ስለማይገናኝ ዕውቀቱ በተሰረቀበት ቀን ላይ ቆሞ ይቀራል። ከፋብሪካው ጋር ቢገናኝ ደግሞ ሊዘጋ ይችላል። በውስጡ ማን ምን እንደ ጨመረበት አይታወቅም። ከሁሉም የሚከፋው፣ ከመኪናው ኮምፒዩተር ጋር በትክክል የማይነጋገር ሶፍትዌር ትእዛዝ ሲሰጥ የሚደርሰው ጥፋት ነው። የፍሬንንና የኤር ባግን ኮምፒዩተር በእንዲህ ያለ ቅጂ መነካካት በሰው ሕይወት መጫወት ነው።

የኤሌክትሪክ መኪና ሲመጣ

እስካሁን የተናገርነው የቤንዚንና የናፍታ ነው። የኢትዮጵያ መንግሥት ግን በቤንዚንና በናፍታ የሚሠሩ የቤት መኪናዎች ወደ አገር እንዳይገቡ በ2016 ዓ.ም. ወስኗል፤ ይህንንም የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስትሩ ዓለሙ ስሜ በጥር ወር አስታውቀዋል። ከዚያ ወዲህ በአዲስ አበባ መንገድ የኤሌክትሪክ መኪና ማየት ብርቅ መሆኑ ቀርቷል። በሞያሌው መንገድ ወደ ዲላና ወደ ይርጋጨፌም መውረዱ አይቀርም።

እዚህ ላይ አንባቢ ልብ ሊለው የሚገባ ነገር አለ። ኦ.ቢ.ዲ. ሁለት የተደነገገው ስለ ጭስ ነው ብለናል። የኤሌክትሪክ መኪና ጭስ የለውም፤ ስለዚህም ያ የጋራ ቋንቋ አላስገደደውም። ስለ ባትሪውና ስለ ሞተሩ የሚናገረው አብዛኛው ነገር የፋብሪካው የግል ቋንቋ ነው። የካሊፎርኒያ ግዛት ለኤሌክትሪክ መኪናዎችም የጋራ መለኪያ እንዲኖር የደነገገችው ገና ከ2026 ሞዴል ጀምሮ ነው። ወደ እኛ ከገቡት መካከል ደግሞ ለቻይና ገበያ የተሠሩ፣ ጽሑፋቸውም ቻይንኛ የሆነ አሉ። በጋራው ቋንቋ ብቻ የሚያነብ ርካሽ መሣሪያ በእነዚህ ፊት ዲዳ ነው። ስለዚህ ወደፊት ማደስ የሌለበት ጋራዥ ከጎሚስታና ከአካል ሥራ በቀር ብዙ የሚሠራው አይኖረውም።

ዕውቀቱ የማን ነው?

ይህ ችግር የእኛ ብቻ አይደለም። በአሜሪካ የማሳቹሴትስ ግዛት ሕዝብ እ.ኤ.አ. በ2012 በሰጠው ድምፅ፣ ፋብሪካዎች ለራሳቸው ወኪሎች የሚሰጡትን የምርመራና የጥገና ዕውቀት ለማናቸውም ጋራዥ በተገቢ ዋጋ እንዲያቀርቡ ወስኗል። እ.ኤ.አ. በ2020ም መኪናው በአየር ሞገድ የሚልከው መረጃ በዚሁ እንዲጨመር ከመቶ ሰባ አምስት የሚሆነው መራጭ ደግፏል። በኤውሮጳም ከመስከረም 2020 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚሠራበት ደንብ ነጻ ጋራዦች ይህን ዕውቀት እንዲያገኙ ያዝዛል። የክርክሩ መሠረት ቀላል ነው። መኪናውን የገዛ ሰው ሕመሙን የማወቅ መብት አለው ወይስ የለውም?

መኪና የምናስገባ እንጂ የማንሸጥ እኛ፣ ይህን ጥያቄ ከማንም ይበልጥ ልንጠይቀው ይገባናል። ገዢ ዋጋ እንደሚከራከር ሁሉ፣ ስለ ጥገናው ዕውቀትም ሊከራከር ይችላል።

ምን ማድረግ ይቻላል?

በመጀመሪያ፣ የጌዴኦ ገበሬ ያስተማረን ነገር አለ። ብቻውን ሲሸጥ ዋጋ ያጣው ገበሬ በኅብረት ሥራ ማኅበር ተደራጀ፤ ማኅበሮቹም እ.ኤ.አ. በ2002 የይርጋጨፌ ቡና ገበሬዎች ኅብረት ሥራ ዩኒየንን አቋቋሙ፤ ቡናቸውም በስሙ እስከ ውጭ ገበያ ደረሰ። አምስት ወይም ስድስት ጋራዦች አንድ ጥሩ መሣሪያ በጋራ ገዝተው፣ የዓመቱን ማደሻ እንደ ዕቁብ እየተዋጡ ቢከፍሉ፣ ለአንዱ የከበደው ለሁሉም ይቀላል። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ግን ጌጡ ነው ይባል የለ? የሚያስፈልገው አንድ መዝገብ፣ አንድ ኃላፊና ተራ ማክበር ነው።

ሁለተኛ፣ ማደስም እንደ እርሻ ወቅት አለው። መሣሪያ የሚታደሰው በክረምት፣ ሥራ በሚቀዘቅዝበት ጊዜ ነው እንጂ እሸት ቡና በደጅ ተጭኖ ሳለ አይደለም። ታድሶም በሚታወቅ መኪና ላይ ይሞከራል።

ሦስተኛ፣ በመሥሪያ ቤት የግዢ ክፍል ለሚሠሩ ወጣቶች አንድ ቃል አለን። ለመሥሪያ ቤት ጋራዥ መመርመሪያ ሲገዛ ሦስት ጥያቄ ጠይቁ፦ የስንት ዓመት ማደሻ አብሮ አለው? ከዚያ በኋላ በዓመት ስንት ነው? ክፍያውስ በየትኛው የበጀት መደብ ይጻፋል? ሦስተኛው ጥያቄ መልስ ካላገኘ፣ ብዙ ሺህ ብር የወጣበት ዕቃ ከሁለት ዓመት በኋላ የመደርደሪያ ጌጥ ይሆናል፤ የመሥሪያ ቤቱ ላንድክሩዘርም በግቢው ውስጥ ሣር ይበቅልበታል።

አራተኛ፣ ተማሪዎች ሆይ! የዚህ መሣሪያ ቋንቋ አማርኛም ጌዴኦኛም አይደለም፤ በአብዛኛው እንግሊዝኛ ነው። በፊዚክስ ክፍል የምትማሩት የቮልትና የአምፔር ነገር፣ በእንግሊዝኛ ክፍል የምታነቡት አንቀጽ፣ በዚህ ሥራ ላይ አንድ ሆነው ይገናኛሉ። እጁ በዘይት የጠቆረውን መካኒክ ያልተማረ ሰው ሥራ ነው ብሎ የሚንቅ ካለ፣ ዘመኑ እንዳለፈበት ይወቅ። ዛሬ በጋራዡ ውስጥ ከሁሉ አስቀድሞ የሚፈለገው ሰው፣ አዲሱ ሶፍትዌር ምን እንደ ጨመረና ምን እንዳረመ አንብቦ ለባልደረቦቹ የሚያስረዳው ነው። ይህን የሚችል አንድ ወጣት ባለበት ከተማ እሸት የጫነው መኪና ሌሊቱን በመንገድ አያድርም።